«ካልታሰረማ ምኑን ተቀጣ?»

የዚህ ሳምንት ደብዳቤ የደረሰኝ ከአንዲት አንባቢ ነው። ትንሽ አሳጥሬ አቀርበዋለሁ።

«ጤና ይስጥልኝ። ትንሽ የልብስ ስፌት ቤት አለኝ። አራት ሠራተኞች ነበሩኝ። አንዱ የ21 ዓመት ልጅ ነው። ሁለት ዓመት አብሮኝ ሠርቷል። የሱቁን ቁልፍ የሰጠሁት፣ ሒሳብ ያስያዝኩት ለእሱ ነበር። ለአምስት ወር ከሽያጩ ላይ እየቆነጠረ ሲወስድ መክረሙን የደረስኩበት በአጋጣሚ ነው። ሲደመር የስምንት ወር የሱቅ ኪራይ ይሆናል። ያመኑት ፈረስ ይጥላል በደንደስ የሚሉት በእኔ ደረሰ።

ተከሰሰ። ፍርድ ቤት ቀርቦ አመነ። ጥፋተኛ ተባለ። የቀረው ቅጣቱ ነው። የቀድሞ ጥፋት ስለሌለበት በገደብ ሊለቀቅ እንደሚችል ሰማሁ። አስተያየት ካለኝ ቀርቤ መናገር እንደምችልም ተነገረኝ። ባለቤቴ ‹ካልታሰረማ ምኑን ተቀጣ? ሌሎቹስ ሠራተኞች ምን ይማራሉ?› ይለኛል። የልጁ እናት ደግሞ በየሁለት ቀኑ እየመጡ ያለቅሳሉ። ሲታሰር ሳስበው እንቅልፍ አጣለሁ። ሲለቀቅ ሳስበው ደሜ ይፈላል። ለመሆኑ ገደብ የሚሉት ነገር በነፃ ከመለቀቅ በምን ይለያል? ልቃወም ወይስ ዝም ልበል?

ሁለት ልብ የሆንኩት»

እህቴ፣

ከቁልፉ ልጀምር። ገንዘቡን ከመጥቀስሽ በፊት የጻፍሽው ቁልፍ የሰጠሽው ለእሱ መሆኑን ነው። ይበልጥ ያመመሽ እሱ እንደሆነ ገብቶኛል። ገንዘብ በሥራ ይተካል። በየቀኑ አብሮሽ የሚውል ልጅ አምስት ወር ሙሉ ዓይን ዓይንሽን እያየ ሲዋሽሽ መክረሙ ግን ሌላ ነገር ነው። ብትናደጂ እውነትሽን ነው። ማንም ሰው «ልጅ ነው፣ እርሺው» እያለ በደልሽን ሊያቃልልብሽ አይገባም።

ግን ይህንን ሕመም ፍርድ ቤት የሚያድንልሽ አይመስለኝም። ለዓመታት በጠበቃነት ሠርቻለሁ። የበደላቸው ሰው ወህኒ ሲወርድ እፎይ ይላሉ ብዬ የጠበቅኳቸው ሰዎች ከችሎት ሲወጡ ፊታቸው እንደጠቆረ አይቻለሁ። የተሰበረው ነገር እንደተሰበረ ነው። ስለዚህ የአንቺን ቁስልና የልጁን ቅጣት ለየብቻ እንድታያቸው እለምንሻለሁ። አንቺ ጊዜ ወስደሽ ትድኛለሽ። ልጁ ምን ይደረግ የሚለው ግን በሌላ ሚዛን ነው የሚታየው።

አሁን ወደ ጥያቄሽ ልግባ።

ገደብ በነፃ ከመለቀቅ በጣም ይለያል። በነፃ የሚለቀቅ ሰው ጥፋቱ አልተረጋገጠበትም። በገደብ የሚወጣ ሰው ግን ተረጋግጦበታል። ዳኛው እንደየአገሩ ሕግ ወይ እስራቱን ወስነው አፈጻጸሙን ያግዱታል፣ ወይ ደግሞ ቅጣቱን ሳይወስኑ ያቆዩታል። በሁለቱም መንገድ ልጁ የተወሰነ ጊዜ ይሰጠዋል። አንድ ዓመት ሊሆን ይችላል፣ ሁለት ወይም ከዚያ በላይም ሊሆን ይችላል። በዚያ ጊዜ ውስጥ ሌላ ጥፋት ማጥፋት የለበትም። ለሚከታተለው ባለሙያ በቀጠሮው ይቀርባል። መኖሪያውን ሲቀይር ያሳውቃል። አትድረስ ከተባለበት ቦታ አይደርስም። ያጎደለውን እየከፈለ ይመልሳል። ይህንን ካፈረሰ ተመልሶ ዳኛ ፊት ይቆማል፤ ያን ጊዜ የታገደው እስራት ሊመጣበት ይችላል። ፈረንጆቹ «ፕሮቤሽን» የሚሉት ቃል ምንጩ ላቲን ነው፤ መፈተን ማለት ነው። ልጁ ተፈታ ከምትዪ ተፈተነ ብትዪ ይቀርባል።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚያደናግረውን ላጥራው። ዋስትና ፍርድ ሳይሰጥ ክሱን ከውጭ ሆኖ መከታተል ነው። አመክሮ ታስሮ ከቆየ በኋላ ቀሪውን ጊዜ በውጭ ለመጨረስ መውጣት ነው። ይቅርታ ቅጣቱን የሚያስቀር ወይም የሚቀንስ ነው። ገደብ ከሦስቱም አይደለም። እናቱም ሆኑ ጎረቤት «ይቅርታ ይደረግለት» ሲሉሽ የሚናገሩት ስለሌላ ነገር ነው። አንቺ ዛሬ ይቅር እንድትዪ የጠየቀሽ ሕግ የለም።

ነገሩ ከየት እንደመጣ ባጫውትሽ ደስ ይለኛል። አንቺም የእጅ ባለሙያ ነሽና። በአሜሪካ ቦስተን ከተማ ጆን ኦገስተስ የሚባል ጫማ ሠሪ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1841 አንድ ቀን ችሎት ተቀምጦ ሳለ በስካር የተከሰሰ ሰው ይቀርባል። ሰውየው ሊታሰር ነው። ኦገስተስ ጠጋ ብሎ አናገረው። ሰውየው «ከዚህ ብተርፍ ዳግመኛ አልጠጣም» አለው። ኦገስተስ ዋስ ሆኖ ወሰደው። ቀጠሮው ሦስት ሳምንት ነበር። ተመልሰው ሲቀርቡ ሰውየው ሌላ ሰው መስሎ ነበር። ዳኛው እስሩን ትተው አንድ ሳንቲም ከፍርድ ቤት ወጪው ጋር ቀጡት።

ጫማ ሠሪው በ1859 እስኪሞት ድረስ ወደ ሁለት ሺህ ለሚጠጉ ሰዎች ዋስ ሆነ። ያገኘውን ሁሉ ግን አይወስድም ነበር። ይበልጥ የሚመርጠው ለመጀመሪያ ጊዜ የተከሰሱትን ነው። የቀድሞ ጠባያቸውን ያጣራል። ዕድሜያቸውን ይጠይቃል። ከማን ጋር እንደሚውሉ ያያል። ከወሰዳቸው በኋላ ሥራና ማደሪያ ይፈልግላቸዋል፤ ስለ አያያዛቸውም ለፍርድ ቤቱ ያሳውቃል። ዛሬ በሙያው የሠለጠኑ ሰዎች የሚሠሩት ሥራ ከዚህ ብዙ የራቀ አይደለም።

ከሞተ ከ19 ዓመት በኋላ፣ በ1878፣ የእሱ ግዛት ማሳቹሴትስ ይህንን ሥራ ደመወዝ ለሚከፈለው ሰው የሚሰጥ ሕግ አወጣች። እንግሊዝ በ1887 ለመጀመሪያ ጊዜ ላጠፉ ሰዎች የሚሆን ሕግ ደነገገች። ቤልጂየም በ1888፣ ፈረንሳይ በ1891 እስራትን በገደብ ማቆየትን ሕግ አደረጉ። የእንግሊዝን የ1907 ሕግ ግን ከሁሉም አስበልጬ እወደዋለሁ። ጥፋተኛውን የሚከታተለውን ሰው ሥራ ሲዘረዝር መምከር፣ መርዳትና ወዳጅ መሆን ብሎ ጻፈው። በሕግ ቋንቋ ውስጥ «ወዳጅ መሆን» የሚል ቃል ማግኘት ብርቅ ነው።

የባለቤትሽ ጥያቄ ቀላል አይደለም። «ሌሎቹስ ምን ይማራሉ?» ማለቱ ተገቢ ነው። ሱቁ የእሱም እንጀራ ነው። ነገር ግን ሦስቱ ሠራተኞችሽ እስካሁን ምን እንዳዩ አስቢ። ጓደኛቸው የወሰደው ገንዘብ ተደብቆ አልቀረም። ሥራውን አጣ። ተከሰሰ። ችሎት ቆሞ «አዎ፣ ወስጃለሁ» አለ። ቄሳሬ ቤካሪያ የሚባል ጣሊያናዊ እ.ኤ.አ. በ1764 የጻፈው ይህንኑ ነው። ሰውን ከጥፋት የሚመልሰው የቅጣቱ ጭካኔ ሳይሆን ቅጣቱ እንደማይቀር ማወቁ ነው ብሎ ተከራከረ። ከዚያ ወዲህ የተሠሩ ብዙ ጥናቶችም የሚያጋድሉት ወደዚያው ነው። እያንዳንዱ ሠራተኛ «ብወስድ ስንት ዓመት ይፈረድብኛል?» ብሎ አያሰላም። የሚያሰላው «ይነቃብኛል ወይስ አይነቃብኝም?» ብሎ ነው። ልጁ ከታሰረ ከዓይናቸው ይሰወራል፤ በወር በወሩ ዕዳውን እየከፈለ መሆኑን ቢሰሙ ግን በየወሩ ያስታውሱታል።

ታስሮስ ቢወጣ? የ21 ዓመት ልጅ ነው። ለጥቂት ወር ወይም ለአንድ ዓመት ቢገባ ሲወጣ ሥራ የለውም። «የት ነበርክ?» ሲባል የሚመልሰው መልስ ሰው ያሸሻል። ውስጥ እያለ የሚውለው ሌብነትን ሙያው ካደረጉ ሰዎች ጋር ነው። ይህ የእኔ ግምት ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2021 የወጣና 116 ጥናቶችን አንድ ላይ የመረመረ ሥራ አለ። ማሰር ከእስር ውጭ ከሚሰጡ ቅጣቶች ጋር ሲነጻጸር ዳግም ጥፋትን እንደማይቀንስ፣ እንዲያውም በጥቂቱ ሊጨምር እንደሚችል አሳይቷል። በሌላ በኩል ደግሞ ብዙ ወጣት ጥፋተኛ ዕድሜው ወደ ሠላሳ ሲጠጋ፣ ሥራና ትዳር ሲይዝ በራሱ ጊዜ ይተወዋል። እስር ሥራውንም ትዳሩንም ያዘገይበታል። አንድ ነገር ደግሞ በግልጽ ልበልሽ። ከእስር ቤት ሆኖ የስምንት ወር ኪራይሽን አይከፍልሽም።

እስካሁን ያልኩትን አንብበሽ «ይህ ሰው ከልጁ ወገን ነው» ብለሽ ይሆናል። ቆይ።

«የመጀመሪያ ጥፋቱ ነው» የሚለው ቃል ያናድድሻል ብዬ እገምታለሁ። አምስት ወር ሙሉ ወስዷል። ዛሬ ወስዶ ነገ ተጸጽቶ የመለሰ ልጅ አይደለም። በየሳምንቱ ሒሳብ ሲያወራርድ «ዛሬስ ልተው?» የሚልበት ዕድል ነበረው። አልተወም። ፍርድ ቤቶች የመጀመሪያ ጥፋተኛ የሚሉት ከዚህ በፊት ያልተፈረደበትን ሰው ነው። አንዴ የሳተ ማለት አይደለም። ይህ ልዩነት ዳኛው ጆሮ መድረስ አለበት፤ ካንቺ የተሻለ የሚያስረዳላቸውም የለም። አንዴ እጁ ያመለጠውንና በዕቅድ የወሰደውን በአንድ ዓይነት ገደብ መልቀቅ ለእኔም አይዋጥልኝም። ሁለተኛው ጠበቅ ያለ ያስፈልገዋል። ረዘም ያለ ጊዜ፣ በቀን የተቆረጠ ክፍያ፣ ገንዘብ የሚነካ ሥራ ላይ አለመሰማራት።

እስር ነው የሚያስፈልገው የምልበት ጊዜም አለ። ልጁ አስፈራርቶሽ ቢሆን፣ እጁን አንስቶብሽ ቢሆን፣ ከተያዘ በኋላ ምስክር ሊያባብል ቢሞክር መልሴ ሌላ ነበር። ሰው አጠገቡ በሰላም መኖር ካልቻለ ገደብ መፍትሔ አይሆንም። ከዚህ ውስጥ አንዱ እንኳ ደርሶብሽ ከሆነና ከደብዳቤሽ ላይ ካስቀረሽው፣ ለዓቃቤ ሕጉ አሁኑኑ ንገሪያቸው።

በስም ብቻ ገደብ የሆነ ገደብም አለ። ተለቀቀ፤ ፋይሉ መደርደሪያ ላይ ወጣ፤ የሚጠይቀው ሰው የለም። እንዲህ ያለውን ባለቤትሽ «ምኑን ተቀጣ?» ቢል ትክክል ነው። ሌላው ጫፍም አይረባም። በአሜሪካ በ14 ቦታዎች የተሞከረ ጥብቅ ክትትል ነበር፤ ውጤቱ እ.ኤ.አ. በ1993 ታተመ። በየጊዜው እየተጠሩ፣ እየተመረመሩ፣ እየተቆጠሩ የተያዙት ሰዎች ወንጀላቸው ከሌሎቹ አልቀነሰም። የጨመረው ትእዛዝ አፈረሱ ተብለው የሚታሰሩት ቁጥር ነው። ቁጥጥር ብቻውን ሰው አያቀናም። አንድ ትእዛዝ የሚጠቅመው ከጥፋቱ ጋር ሲገናኝና ሰውየው ሊፈጽመው ሲችል ነው።

የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ እ.ኤ.አ. በ1990 ያጸደቃቸው የቶኪዮ ደንቦች የሚባሉ አሉ። ከእስር ውጭ ስለሚሰጡ ቅጣቶች ናቸው። ትእዛዞቹ ጥቂት፣ ግልጽና የሚፈጸሙ ይሁኑ ይላሉ። አንዱን ማፍረስ በቀጥታ እስር ማምጣት እንደሌለበትም ይናገራሉ፤ ዳኛው ምክንያቱን መርምረው ነው የሚወስኑት። ለአንቺ የምትሆነው ግን ሌላዋ ነች። ፍርድ ቤት ሲወስን የልጁን መታረምና የሕዝቡን ደህንነት ብቻ ሳይሆን የተበዳዩንም ጥቅም ማየት አለበት፤ ተገቢ ሲሆንም ተበዳዩ ይጠየቅ ይላሉ። ስለዚህ «ተናገሪ» ሲሉሽ ለይምሰል አይደለም።

እናም ዝም አትበዪ። ግን «እሰሩት» ወይም «ፍቱት» ለማለት አትቁሚ። እሱ የዳኛው ሥራ ነው። ውሳኔውን አንገትሽ ላይ አታንጠልጥዪ፤ ልጁ ቢታሰር ያሳሰርሽው አንቺ አይደለሽም፤ ቢወጣና ቢያጠፋም የለቀቅሽው አንቺ አይደለሽም። አንቺ የምታውቂውን ተናገሪ።

ምን እንደምታውቂ አስቢ። ስንት እንደጎደለ ከደብተርሽ ላይ ቀን በቀን ታውቂያለሽ። ደብተሩን ይዘሽ ሂጂ። ገንዘቡ በመጉደሉ ምን እንደሆነ ታውቂያለሽ። ኪራይ ዘግይቶብሽ ነበር? የሌሎቹ ደመወዝ ተጓትቶ ነበር? ጨርቅ በዱቤ ወስደሽ ነበር? ይህንን በራስሽ ቃል ንገሪያቸው። ስለ ቁልፉም ንገሪያቸው። እዚያ ስታለቅሺ ብትታዪ ምንም አይደለም።

ከዚያ በገደብ የሚወጣ ከሆነ ምን እንዲታዘዝ እንደምትፈልጊ ተናገሪ። ገንዘቡ ይመለስልኝ በዪ። ክፍያው ግን በፍርድ ቤቱ በኩል ወይም ደረሰኝ ባለው መንገድ ይሁን፤ በእጅ አትቀበዪ፤ በየወሩ ሱቅሽ ደጃፍ ፖስታ ይዞ እንዲቆም አታድርጊ። ለሁለታችሁም መራራ ነው። መጠኑም ከሚያገኘው ገቢ ጋር ይመጣጠን። በሦስት ወር ጠቅልሎ ይክፈል ብትዪ ንዴትሽን ደስ ይለው ይሆናል፤ እሱ ግን በሁለተኛው ወር ያፈርሰዋል፤ ምናልባትም ለመክፈል ሲል ከሌላ ሰው ይወስዳል። ቢረዝምም የማይቋረጥ ይሻልሻል። ወደ ሱቁና ወደ ቤትሽ እንዳይመጣ ከፈለግሽ በግልጽ ጠይቂ። ይቅርታ ልጠይቃት ካለ በጽሑፍ ይስጥ፤ አንቺ በፈለግሽ ቀን ታነቢዋለሽ፤ ባትፈልጊ አታነቢውም።

መልሰሽ ቅጠሪው ሲሉሽ እሺ አትበዪ። አንዳንድ ሰው «ዕዳውን እዚያው እየሠራ ይክፈል» ይላል። ሐሳቡ ክፉ አይደለም። ግን አንቺ ቀኑን ሙሉ መሳቢያውን ስትቆጣጠሪ፣ እሱ ቀኑን ሙሉ ሲሸማቀቅ ትውላላችሁ። ሥራ ሌላ ቦታ ይፈልግ። ስለ ስፌት ችሎታው የሚጠይቅ ቢመጣ ያየሽውን እውነት መናገር ትችያለሽ፤ ስለ ገንዘብም ቢጠይቁሽ እንዲሁ።

እናቱ ከበዱኝ። ሳነብ እሳቸውን ነው ያሰብኩት። ልጃቸው በሠራው እሳቸው ደጅ ይጠናሉ። አትቆጪያቸው። ነገር ግን በየሁለት ቀኑ እንባ እያዩ ማሰብ አይቻልም። አንድ ቀን አስቀምጠሽ እንዲህ በያቸው፦ «እማማ፣ እርስዎን አልጠላም። የማውቀውን ለዳኛው እነግራለሁ፤ የማላውቀውን አልጨምርም። ከእንግዲህ ግን እዚህ አይምጡ። ለልጅዎ የሚጠቅመው የት እንደሚኖር፣ ምን ሥራ እንደሚሠራ፣ ማን እንደሚከታተለው አዘጋጅቶ ማቅረብ ነው።» እውነትም እሱ ነው የሚጠቅመው። ዳኛ ገደብ ሲፈቅድ ሰውየው ከችሎት ወጥቶ የት እንደሚያድር ማወቅ ይፈልጋል። እንባቸውን ደጃፍሽ ላይ ከሚያፈሱ ጉልበታቸውን እዚያ ላይ ቢያውሉት ለልጃቸው ይሻለዋል። ሽማግሌ ልከው ከፍርድ ቤት ውጭ የተጻፈ ወረቀት ፈርሚ ቢሉሽ ግን ለዓቃቤ ሕጉ ሳታሳዪ እንዳትፈርሚ።

እኔ ምን እላለሁ? ከጻፍሽልኝ ተነስቼ በገደብ ይውጣ ባይ ነኝ። አምኗል። አላስፈራራም። ወጣት ነው። የሚከፍለው ዕዳ አለበት። ቢታሰር የምታጪው ገንዘብሽን ነው፤ የምታገኚው ምን እንደሆነ ደግሞ አላየሁትም። ይህንን ስልሽ በገደብ የወጣ ሁሉ ይስተካከላል እያልኩሽ አይደለም። አንዳንዱ በሁለተኛው ሳምንት ይመለሳል። ጫማ ሠሪውንም ያሳፈሩት አልጠፉም። አንቺ የምትጠይቂው እንደሚስተካከል ማረጋገጫ ሳይሆን ካልተስተካከለ የሚደርስበት ሰው እንዲኖር ነው።

ለባለቤትሽም ይህንን አንብቢለት። ቀጠሮው ቀን አብሮሽ ይቀመጥ። ዳኛው ትእዛዞቹን ሲያነቡ በጆሮው ቢሰማ ጥያቄው በከፊል ይመለሳል።

የሱቁን መቆለፊያ ቀይረሻል? ካልቀየርሽ ዛሬውኑ ቀይሪ። የዕለቱን ሽያጭ ከእንግዲህ ሁለት ሰው ይቁጠረው፤ አንዱ ይጻፍ፣ ሌላው ይፈርም። ለሠራተኞችሽም ይህንን የምታደርጊው እነሱን ተጠራጥረሽ እንዳልሆነ ንገሪያቸው። ሦስቱም በዚህ ጉዳይ ሳይሳቀቁ አልቀሩም። ውሳኔው ሲሰጥ ጻፊልኝ።